ጊብል ስናራባ፦ ከአንድ ደብተርና ከብዙ እንቁላል የተማርኩት

ጓደኛዬ ፖኬሞን በሚባለው የቪዲዮ ጨዋታ ውስጥ ጋርቾምፕ አለው፤ ጊብል የሚባለው ፍጡር አድጎ የሚሆነው ተዋጊ ነው። እኔም አለኝ። ሁለቱም ደረጃ 50 ናቸው። ሁለቱም ጠባያቸው ጆሊ ነው፤ ፍጥነት ላይም እስከ መጨረሻው ሰልጥነዋል። አንድ ምሽት አምስት ጊዜ አጋጠምናቸው። አምስቱንም ጊዜ ቀድሞ የመታው የእሱ ነው። ፍጥነታቸው እኩል ቢሆን ኖሮ ማን እንደሚቀድም ጨዋታው በዕጣ ነበር የሚወስነው። ዕጣ ደግሞ አምስት ጊዜ በተከታታይ ለአንድ ሰው ሲወጣ ነገሩ ያጠራጥራል። ስክሪኖቻችንን ጎን ለጎን አድርገን ቁጥሩን አየን። የእሱ 169። የእኔ 168።

አንዲት ነጥብ ናት። ግን የእኔው ሺህ ጊዜ ቢገጥመው ሺህ ጊዜ ይቀደማል። ደረጃውን ባሳድገው፣ ቫይታሚን በላይ በላዩ ባጎርሰው ያው ነው። ነጥቧ የጠፋችው ገና ሲወለድ ነው።

በዚያው ሰሞን አንድ ባለ አራት ማዕዘን መስመር ደብተር አወጣሁና እንቁላል መቁጠር ጀመርኩ። አሁን የምነግራችሁ እዚያ ደብተር ላይ ያለውን ነው። የምጫወተው በ2022 የወጣውን ፖኬሞን ስካርሌት ነው፤ ቫዮሌትም ያው ነው። ደግሞም የውርስ ስሌቱ በ2013 ከወጡት ኤክስ እና ዋይ ወዲህ ብዙ አልተለወጠም። የቆየ ጨዋታ ያላችሁም ተከተሉኝ።

ይዞት የሚወለደው ቁጥር

እያንዳንዱ ፖኬሞን ስድስት ስታት፣ ማለትም የጥንካሬ መለኪያ አለው። ኤችፒ (የሕይወቱ መጠን)፣ አታክ፣ ዲፌንስ፣ ስፔሻል አታክ፣ ስፔሻል ዲፌንስ እና ፍጥነት። ለእያንዳንዳቸው ከ0 እስከ 31 የሚደርስ የተደበቀ ቁጥር ይዞ ይወለዳል። ይህ ቁጥር አይቪ ይባላል። ደረጃ 100 ላይ አንድ አይቪ አንድ ነጥብ ትጨምራለች። ደረጃ 50 ላይ ግማሽ ነጥብ። የእኛን ጋርቾምፖች እንውሰድ። ስልጠናውና ጠባዩ ተሟልቶ የፍጥነት አይቪው 31 ከሆነ 169 ይወጣል። 30 ከሆነ 168። 0 ከሆነ 151።

አይቪን ከኢቪ ጋር እንዳታምታቱት። ሲጻፉም መንትያ ይመስላሉ። ኢቪ በስልጠና የሚገኝ ነው፤ ለልጅ አይተላለፍም። አይቪ ግን ይወረሳል። የዚህ ሁሉ ድካም ምክንያቱ እሱ ነው።

ሌላው ጠባይ ነው፤ ጨዋታው ኔቸር ይለዋል። 25 ዓይነት አለ። አምስቱ ምንም አይለውጡም። የቀሩት 20 አንዱን ስታት በ10 በመቶ ከፍ አድርገው ሌላውን በ10 በመቶ ዝቅ ያደርጋሉ። ጆሊ ፍጥነት ጨምሮ ስፔሻል አታክ ይቀንሳል። የእኔ ጋርቾምፕ በስፔሻል አታክ ስለማይዋጋ የተቀነሰበት ነገር አይቆጨውም። ስለዚህ እኔ የምፈልገው ከስድስቱ አምስቱ ስታት 31 እንዲሆኑ ብቻ ነው። ስፔሻል አታኩ 3 ይሁን 27 ጉዳዬ አይደለም። ይቺን ያዙልኝ። ስድስቱንም ካልሞላሁ ብለው እንቅልፍ የሚያጡ ሰዎች አውቃለሁ፤ ያለ ምክንያት ነው።

አይቪው በቁጥር ተጽፎ አይታይም። ዋናውን ታሪክ ስትጨርሱ ግን ሳጥናችሁ ውስጥ ጃጅ የሚባል መመልከቻ ይከፈትላችኋል። እሱም በቃል ይነግራችኋል። ቤስት ማለት 31 ነው። ፋንታስቲክ 30 ነው። ቬሪ ጉድ ከ26 እስከ 29። ኖ ጉድ ደግሞ ባዶ፣ 0። የእኔ ጋርቾምፕ ፍጥነቱ ላይ ፋንታስቲክ የሚል ተጽፎበት ነበር። ደስ ብሎኝ ነበር እኮ! ፋንታስቲክ ከተባለ በኋላ ሌላ ምን ይፈለጋል?

እንቁላሉ እንዴት ይወርሳል

ሁለቱ ወላጆች በድምሩ 12 አይቪ አላቸው፤ ስድስት በአባት፣ ስድስት በእናት በኩል። ወላጆቹ ባዶ እጃቸውን ከሆኑ ልጁ ሦስቱን ብቻ ይወርሳል። ሌላው ሦስቱ እንደመጣ ነው። ከሁለቱ አንዳቸው ዴስቲኒ ኖት የሚባለውን ቀይ ክር ከያዙ ግን ውርሱ አምስት ይሆናል። አባት ያዘው እናት ለውጥ የለውም። ይህን ክር ሳይዙ ማራባት በከንቱ መድከም ነው። ስካርሌት ውስጥ ዴሊበርድ ፕሬዘንትስ የሚባለው ሱቅ ይሸጠዋል።

ውርሱ እንዲህ ይካሄዳል። ጨዋታው መጀመሪያ ከስድስቱ ስታት አምስቱን ይመርጣል። ከዚያ ለእያንዳንዱ ሳንቲም ይወረውራል፤ ከአባት ወይስ ከእናት? ሳትመረጥ የቀረችውን ስድስተኛዋን ደግሞ ከ0 እስከ 31 ካሉት አንዱን በዘፈቀደ አንስቶ ይሞላታል።

እንግዲህ ሳንቲሙን ማሸነፍ ነው ሥራችን። አባትም እናትም ፍጥነታቸው 31 ከሆነ ሳንቲሙ በፈለገው ጎን ይውደቅ፤ ልጁ 31 ይወርሳል። ሁለቱ ወላጆች በተመሳሰሉ ቁጥር ሳንቲሙ ሥልጣኑን ያጣል። እኔ ይህን ለመረዳት ወራት ፈጅቶብኛል።

ጀማሪ ሁሉ የሚያደርገው ሌላ ነው። ስድስቱም ስታቱ 31 የሆነ ዲቶ፣ ያ ከሞላ ጎደል ከሁሉም ጋር የሚራባው ፖኬሞን፣ እንደምንም ያገኛል። ከአንዲት ተራ ጊብል ጋር ያገናኘዋል። ከዚያ ቁጭ ብሎ ፍጹሙን እንቁላል ይጠብቃል። ስሌቱን ደብተሬ ላይ ሰርቼዋለሁ። እናትየው አንድም 31 ከሌላት እኛ የምንፈልጋቸውን አምስቱን አሟልቶ የሚፈለፈለው ከ146 እንቁላል አንዱ ገደማ ነው። ሁለቱም ወላጆች እነዚያኑ አምስት 31 ይዘው ከሆነ ግን ከ100 እንቁላል 19 ያህሉ ያሟላሉ። ከአምስት አንድ በሉት። ስለዚህ በየመሀሉ የተሻለ ልጅ ሲፈለፈል ወላጁን አውጥቶ ልጁን በቦታው ማስገባት ነው። ለፍጹሙ እንቁላል አትጠብቁ፤ ወላጅ ለዋውጡ።

ጠባዩን በተመለከተ ነገሩ ቀላል ነው። ጆሊ የሆነው ወላጅ ኤቨርስቶን የሚባለውን ድንጋይ ይያዝ። ልጆቹ በሙሉ ጆሊ ይሆናሉ። መቶ በመቶ። እንግዲህ አንዱ ወላጅ ክሩን፣ ሌላው ድንጋዩን ይይዛል ማለት ነው።

ወላጆቹ ከየት ይመጣሉ

እናቲቱን በጥንቃቄ ምረጡ። ልጁ ጊብል እንዲሆን እናቱ የጊብል ዘር መሆን አለባት፤ ከዲቶ ጋር ካልሆነ በስተቀር ልጅ የሚወጣው በእናቱ ዝርያ ነው። ሌላው ምክንያት ችሎታዋ ነው። ጋርቾምፕ ሳንድ ቬይል የሚባል የተለመደ ችሎታ አለው፤ የአሸዋ ማዕበል ከሌለ ምንም አይሠራም። ራፍ ስኪን የተባለው ድብቅ ችሎታ ግን ሌላ ነገር ነው። በአካል የነካውን ሁሉ ከሙሉ ኤችፒው አንድ ስምንተኛውን ያስከፍለዋል። የሚፈለገው እሱ ነው። ድብቅ ችሎታ ያላት እናት ከ100 ልጆቿ ለ60ዎቹ ታወርሳለች። የሴትና የወንድ ጥንድ ሲሆን የአባትየው ችሎታ አይቆጠርም። ወንዱ ማውረስ የሚችለው ከዲቶ ጋር ሲሆን ነው። እንዲህ ያለችውን እናት ከሬይድ፣ ማለትም ተጫዋቾች ተባብረው አንድ ጠንካራ ፖኬሞን ከሚገጥሙበት ውጊያ፣ ልታገኟት ትችላላችሁ። ወይም ችሎታን ወደ ድብቁ የሚለውጠውን አቢሊቲ ፓች የሚባል ዕቃ ለተራዋ ጊብል ስጧት።

ፖኬሞኑ የሚያዝበት ኳሱም ከእናት ይወረሳል፤ ሁለቱ ወላጆች አንድ ዝርያ ከሆኑ ግን ከአባትም ሊመጣ ይችላል። ይህን ለምን እንደማነሳ ጓደኛዬ ያውቃል። ለጊብል ጥቁሩን ላግዠሪ ቦል ነው የምወደው፤ እናቲቱን በእሱ ካልያዝኩ ሥራ አልጀምርም። ለውጊያው ምንም አይጨምርም። ቢሆንም!

አባት የሚሆነው መጀመሪያ ላይ ዲቶ ነው። ዲቶ ከሌላ ዲቶ፣ ከአፈ ታሪኮቹና ከሕፃናቱ በስተቀር ከሞላ ጎደል ከሁሉም ጋር ይራባል። ሜዳ ላይ የተያዘ ዲቶ አይቪው እንደ ዕድሉ ነው። ሬይድ ላይ የተያዘ ግን ዋስትና አለው። ባለ 5 ኮከብ ሬይድ ቢያንስ አራት 31 ይሰጣል፤ ባለ 6 ኮከብ ቢያንስ አምስት። እኔ ያገኘሁት ባለ አራቱን ነው። ኤችፒ፣ አታክ፣ ዲፌንስ እና ስፔሻል ዲፌንስ። ፍጥነቱ ምን ሆነ? ዲሰንት። ከ1 እስከ 15 ያለው ማለት ነው። በጣም የምፈልጋት ነገር ጎድላ መጣች።

ስልሳ እንቁላል የበላብኝ ዲቶ

ከዚህ በፊት ሌላ ዲቶ ነበረኝ። አንድ ሰው በልውውጥ የሰጠኝ ነው። ጃጁ ላይ ሳየው ግራፉ እስከ ጠርዙ ሙሉ ነው። ግን ቤስት አይልም። ስድስቱም ላይ ሃይፐር ትሬንድ ይላል። ከቤስት የሚበልጥ መሰለኝ! እንዲህ ያለ ስም ዝም ብሎ አይሰጥም ብዬ።

ስልሳ እንቁላል አስፈለፈልኩ። ከስልሳው ሁለት 31 ያለው ሦስት ብቻ ነበር። ክሩን ፈትሼዋለሁ፣ ይዘውታል። ድንጋዩን ፈትሼዋለሁ። ኋላ ነው የገባኝ። ሃይፐር ትሬኒንግ የሚባለው ቦትል ካፕ የሚባል ዕቃ ከፍላችሁ የምታሠሩት ስልጠና ነው። ስታቱ ልክ 31 እንደሆነ አድርጎ ያሳየዋል፤ ያዋጋዋልም። የተወለደበትን ቁጥር ግን አይነካውም። ልጁ የሚወርሰው የቀድሞውን ነው። የእኔ ዲቶ ልብሱ አዲስ፣ ውስጡ ያው ነበር።

የጠባይን ውጤት የሚለውጠው ሚንት የሚባል ዕቃም ተመሳሳይ ነው። አንድ ፖኬሞን አዳማንት ሚንት ሰጥታችሁት አታኩ ቢጨምርም የተወለደበት ጠባይ አልተቀየረም። ኤቨርስቶን አስይዛችሁ ብታራቡት ልጁ የሚወጣው በድሮው ጠባይ ነው። ስለዚህ ከሰው የተቀበላችሁትን ዲቶ መጀመሪያ ጃጁ ላይ አንብቡት። ቤስት የሚለውን ብቻ ቁጠሩ።

«ታዲያ ካፕ ካለ ለምን እንለፋለን?» የሚል ይኖራል። ጥሩ ጥያቄ ነው። አንድ ፖኬሞን ብቻ ከፈለጋችሁ እውነቴን ነው፣ ደረጃ 50 አድርሱትና ካፕ ክፈሉ። ወርቃማው ካፕ ስድስቱንም በአንዴ ይሞላል። ማራባት የሚያዋጣው ደጋግማችሁ ከአንድ ዘር ስትፈልጉ፣ ኳሱንም ችሎታውንም አንድ ላይ ስትፈልጉ፣ ወይም እንደ እኔ ሥራው ራሱ ሲጥማችሁ ነው። አንድ ሌላ ምክንያትም አለ፤ ወደ ታች እመጣበታለሁ።

ቅርጫቱ ጋ መቆም

በስካርሌት የሚራባው ሽርሽር ላይ ነው። ሁለቱን ወላጆች ብቻ ይዛችሁ ሽርሽር ክፈቱ። ብቻ ያልኩት በምክንያት ነው፤ ሌላ ካለ እሱም በመሀል ገብቶ እንቁላል ያደርግና የማን ልጅ እንደሆነ ግራ ይገባችኋል። ከዚያ እንቁላል የሚያበዛውን ኤግ ፓወር የሚሰጥ ሳንድዊች ሥሩና ብሉ። ኃይሉ 30 ደቂቃ ይቆያል። እንቁላሎቹ ጠረጴዛው አጠገብ ያለው ቅርጫት ውስጥ ይገባሉ። ቅርጫቱ ከ10 በላይ አይዝም፤ ስለዚህ ትታችሁት ብትተኙ የምታገኙት 10 ብቻ ነው። እኔ ሌላ ሥራ እየሠራሁ በየጊዜው ብድግ ብዬ አወጣለሁ።

ለመፈልፈል ፍሌም ቦዲ የሚባል ችሎታ ያለው ፖኬሞን ቡድናችሁ ውስጥ ይኑር። ሙቀቱ የሚያስፈልገውን እርምጃ በግማሽ ይቀንሰዋል። የእኔዋ ታሎንፍሌም ናት። አምስት እንቁላል ከእሷ ጋር ይዤ ሰፊ ሜዳ ላይ እዞራለሁ። የጊብል እንቁላል ቶሎ አይፈለፈልም። ከማጂካርፕ ጋር ሲነጻጸር ስምንት እጥፍ መንገድ ይፈልጋል። ትዕግስት መለማመድ የሚፈልግ ከማጂካርፕ ይጀምር።

ደብተሩ ምን ይላል

ዙር አንድ። እናቲቱ ራፍ ስኪን ያላት ናት። ኤችፒዋና ፍጥነቷ 31። ጠባይዋ ግን የማይሆን ነው። አባትየው ሜዳ ላይ የያዝኩት ተራ ወንድ ጊብል ነው፤ ያለው ነገር ጆሊነቱ ብቻ። እሱ ድንጋዩን፣ እሷ ክሩን ይዘው 10 እንቁላል ሰጡኝ። የፈለግሁት አንዲት ሴት ልጅ ነበረች፤ ጆሊ፣ ራፍ ስኪን ያላት፣ የእናቷን ሁለት 31 ያልጣለች። በዘጠነኛው እንቁላል መጣች። ወላጆቿን አሰናበትኩ።

ዙር ሁለት። ልጅቷ ድንጋዩን፣ ዲቶው ክሩን ያዙ። ሃያ እንቁላል። እዚህ ጋ ረጋ ብላችሁ አንብቡኝ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው በመምረጥ ነው። ከሃያዎቹ አንዷ ሴት አራት 31 ነበራት። ኤችፒ፣ አታክ፣ ዲፌንስ፣ ስፔሻል ዲፌንስ። ዲቶው ማለት ናት፤ ቁጭ! ሌላዋም አራት ነበራት፤ ኤችፒ፣ አታክ፣ ስፔሻል ዲፌንስ እና ፍጥነት። ሁለቱም ራፍ ስኪን አላቸው። በቁጥር እኩል ናቸው። ግን የመጀመሪያዋን ባስገባ ፍጥነት ከቤቱ ጠፋች ማለት ነው። አባትም የለው፣ እናትም የላት፤ ልጅ ከየት ያመጣል? ስለዚህ ሁለተኛዋን ወሰድኩ። ባለ ሦስት 31 ሴት ልጅ እንኳን ብትሆን፣ ፍጥነት ካላት፣ ፍጥነት የሌላትን ባለ አራቷን ትበልጥብኛለች። ቁጥሩን ሳይሆን ዲቶው የጎደለውን ነገር እዩ።

አንዲት ስታት እንዳትጠፋባችሁ ከፈራችሁ ፓወር የሚባሉት ዕቃዎች አሉ። ለስድስቱ ስታት ስድስት ዕቃ። ለፍጥነት ፓወር አንክሌት ነው። ፍጥነት ያላት እናት እሱን ከያዘች ልጁ ፍጥነቱን የሚወርሰው የግድ ከእሷ ነው። ሌላኛው ወላጅ ክሩን ስለያዘ አራቱ በሳንቲም ይቀጥላሉ። ችግሩ እያንዳንዱ የሚይዘው አንድ ዕቃ ብቻ ነው፤ ድንጋዩ ቦታ ያጣል። ስለዚህ ጠባዩን ገና ባልያዛችሁበት ዙር ላይ ተጠቀሙበት። እኔ ዙር ሁለት ላይ ላስይዛት አስቤ ጆሊውን እንደገና መፈለግ ስለሰለቸኝ ተውኩት።

ዙር ሦስት። አዲሷ እናት ከዲቶው ጋር። አሁን ኤችፒ፣ አታክና ስፔሻል ዲፌንስ በሁለቱም በኩል 31 ናቸው። ሳንቲሙ የሚያከራክረን በዲፌንስና በፍጥነት ብቻ ነው። በሃያ ስምንተኛው እንቁላል አምስቱን የሞላ ወንድ ተፈለፈለ። ሳንድ ቬይል ነው። ለውጊያ አይሆንም፤ ለአባትነት ግን ከዚህ በላይ አልመኝም። ዲቶው በዚህ ጡረታ ወጣ።

ዙር አራት። ያቺው እናት ከገዛ ልጇ ጋር። ጨዋታው ዝምድና አይጠይቅም፤ እኔም አልጠየቅሁም። ሳንቲሙ አሁን በዲፌንስ ላይ ብቻ ነው። በሃያ ሁለተኛው እንቁላል አምስቱም 31፣ ጆሊ፣ ራፍ ስኪን፣ ጥቁር ኳስ። ሴት ናት።

ሲደመር 80 እንቁላል። እዚህ ላይ ማቆም ይቻላል። እኔ ግን አላቆምኩም። ልጅቷን አምስቱን ከሞላው ወንድሟ ጋር አኖርኳት። ከዚያ በኋላ ከ100 እንቁላል 19ኙ አምስቱን ይሞላሉ፤ ራፍ ስኪን የሚሆኑትን ብቻ ከቆጠርን ደግሞ 11 ወይም 12። ከዘጠኝ እንቁላል አንዱ ያለቀለት ጊብል ነው። ጓደኞቼ ሁሉ አሁን ጋርቾምፕ አላቸው።

የተቀሩትን ምን ታደርጓቸዋላችሁ? እኔ ሰርፕራይዝ ትሬድ በሚባለው፣ ከማይታወቅ ሰው ጋር በዘፈቀደ በሚለዋወጡበት ቦታ ላይ እለቃቸዋለሁ። ባለ ሦስትና ባለ አራት 31 ጆሊ ጊብል ለማያውቁት ጀማሪ ትልቅ ስጦታ ነው። በምላሹ አንዳንዴ በሌላ ቋንቋ የተጫወተ ሰው ፖኬሞን ይመጣል። ዲቶ ከሆነ አትጣሉት። የወላጆቹ ጨዋታ ቋንቋ ሲለያይ ሻይኒ፣ ማለትም ቀለሙ የተለየ ብርቅዬ ፖኬሞን፣ የመፈልፈል ዕድሉ ከ4,096 አንድ የነበረው ወደ 683 አንድ ይወርዳል። ዕድሉን የሚጨምረው ሻይኒ ቻርም የሚባል ዕቃ ካላችሁ 512 አንድ። እኔ ሻይኒ አልከታተልም፤ ለሚከታተል ግን ትልቅ ነገር ነው።

ዜሮን ማራባት

ወደ ታች እመጣበታለሁ ያልኩት ይሄ ነው። ካፕ ወደ ላይ ብቻ ነው የሚያውቀው። 31 ያደርግላችኋል፤ 0 አያደርግላችሁም። አንዳንድ ፖኬሞን ደግሞ 0 ነው የሚፈልገው።

ትሪክ ሩም የሚባለው ስልት ሲሠራ ቀርፋፋው ቀድሞ ይመታል። እዚያ ውስጥ የሚገባ ቶርኮል ፍጥነቱ ባነሰ ቁጥር ይሻለዋል። በስፔሻል አታክ ብቻ የሚዋጋ ፖኬሞንም አታኩ 0 ቢሆን ይጠቀማል። ፋውል ፕሌይ የሚባለው ምት የሚለካው በመቺው ሳይሆን በተመቺው አታክ ነው። ግራ ተጋብቶ ራሱን ሲመታም የሚመታው በገዛ አታኩ ነው። ደካማ አታክ ያለው ራሱን ሲመታም ቀስ ብሎ ነው።

መንገዱ ያው ነው፤ የምትፈልጉት ቃል ብቻ ይለወጣል። ቤስት ሳይሆን ኖ ጉድ። ፍጥነቱ ኖ ጉድ የሆነውን ወላጅ ፓወር አንክሌት አስይዙት፤ ሌላውን ክሩን። ከ0 የተወለደ 0 ይወርሳል። ጠባዩን በሚንት ጨርሱት፤ ሌላው የጎደለውንም በካፕ። ካፕ ለዚህ ጎበዝ ነው። የመጀመሪያውን ባለ 0 ግን ማግኘት ከባድ ነው። ሜዳ ላይ የተያዙትን ሳላይ የማልለቀው ለዚህ ነው። «ወራዳ ዲቶዎች» የሚል ሳጥን አለኝ። ውድ ሳጥኔ እሱ ነው።

ከተፈለፈለ በኋላ

ይህን በአጭሩ ልለፈው። ጊብሏ ደረጃ 24 ላይ ጋባይት፣ 48 ላይ ጋርቾምፕ ትሆናለች። ኢቪ በድምሩ 510 ነው፤ ለአንድ ስታት የሚቻለው 252። ለጋርቾምፕ 252 አታክ ላይ፣ 252 ፍጥነት ላይ አድርጉ። ከተረፉት 6 አራቱን ኤችፒ ላይ ጣሏቸው። ከባዶ ለተነሳ ስታት 26 ቫይታሚን ይሞላዋል። በእንቁላል የሚወረስ ምት ከፈለጋችሁ ስታራቡ መጨነቅ ቀርቷል። አንድ ቦታ ባዶ አድርጋችሁ ሚረር ኸርብ የሚባል ዕቃ አስይዟትና ምቱን ከሚያውቅ ፖኬሞን ጋር ሽርሽር ውሰዷት፤ ትማራለች።

ያቺን ሴት ጊብል በሁለት ቀን አደረስኳት። ፍጥነቷ 169። ጓደኛዬ ጋ ደወልኩ። አምስት ጊዜ ተጋጠምን። አሁን እኩል ስለሆንን ማን እንደሚቀድም የሚወስነው ዕጣው ነው።

አራቱን እሱ ቀደመ።